ደምሴ ያላወጣው ደብተር

ደብተሩ የመጣልኝ በሚኒባስ ነው። ሞላሌ መናኸሪያ አጠገብ ጎረቤቴን እየጠበቅሁ ቆሜ ሳለ፣ ከደብረ ብርሃን የመጣው ሾፌር አንገቱን በመስኮት አውጥቶ «ተክለ ማርያም የሚባል ሽማግሌ የምታውቁ!» እያለ ይጮኻል።

«እኔ ነኝ። ምን ያስጮህሃል፣ አልደነቆርሁም» አልሁት።

በላስቲክ የተጠቀለለ ነገር ሰጠኝ። ከመርሐቤቴ፣ ከዓለም ከተማ ተነሥቶ በሰው በሰው ሲተላለፍ የመጣ ነው። ስፈታው ሰማያዊ ሽፋን ያለው ደብተር ሆኖ ተገኘ። ሽፋኑ ውስጥ ትንሽ ወረቀት አለች። «ጋሽ ተክሌ፤ አባቴ አቶ ደምሴ ባለፈው ወር ዐርፏል። ታሞ ሳለ ይህን ለእርስዎ እንድመልስ አዝዞኝ ነበር። ልጁ» ትላለች።

እዚያው ቆሜ አነበብኋት። ማንበቤን ልብ በሉልኝ፤ ነገሩ ሁሉ እዚያ ላይ ነው።

ደምሴን ያወቅሁት ወታደሩ መንግሥት ወድቆ አዲሱ ከገባ ጥቂት ዓመት ቆይቶ ነው። ያኔ ተደራጁ፣ ተደራጁ ይባላል። እኛ ያለን በግ ነው። ሴቶቻችን የበግ ፀጉር ይፈትላሉ፤ ወንዶቹ ባና የሚባለውን የሱፍ ብርድ ልብስ ይሠራሉ፣ በርኖስ ይሠራሉ። እሱን በየፊናችን ተሸክመን ገበያ ከምንንከራተት፣ አንድ ላይ ሆነን አክሲዮን ማኅበር አቋቋምን። አንዳንዱ አክሲዮኑን በብር ገዛ፣ አንዳንዱ ጠቦት ሸጦ ገዛ። እኔ ሰብሳቢ ተባልሁ። ምክንያቱ ድምፄ ስለሚጎላ ነው እንጂ ሌላ አልነበረውም።

ሥራ አስኪያጅ ስንፈልግ ደምሴን አመጡልን። ከተማ፣ ብርድ ልብስ ፋብሪካ ብዙ ዓመት የሠራ ሰው ነው። ረጅም፣ ቀጭን፣ የመርሐቤቴ ተወላጅ። ያደገው ወደ ቆላው ግድም ስለሆነ የመንዝ ብርድ አጥንቱ ድረስ ገባ። ሁለት ጋቢ ደርቦ፣ ከላይ ኮት ጨምሮ ነበር ቢሮ የሚቀመጠው። ይፍሩ የሚባል ሸማኔ የኮሚቴ አባል አለን፤ ምላሱ ከመወርወሪያው ይፈጥናል።

«አቶ ደምሴ፣ ይኼን ባና የምንሠራው ለገበያ ነው ወይስ ለአንተ?» ይለዋል።

«መጀመሪያ እኔን ያሙቀኝ። እኔን ካላሞቀኝ ለማን ልትሸጡት ነው?» ይላል ደምሴ።

አንድ ልማድ ነበረው። ባና ተሠርቶ ሲመጣለት እንደ እኛ በእጁ አይዳስሰውም። ጋቢውን ገለጥ አድርጎ ባዶ አንገቱ ላይ ያኖረውና ዓይኑን ይጨፍናል። እንደዚያ ሆኖ ይቆያል። ሰው ተሰብስቦ አንገቱን ያያል። ከዚያ ወይ «ይሂድ» ይላል፣ ወይ «ይኮሰኩሳል» ይላል። ይኮሰኩሳል ካለ አለቀ፤ ንጉሥ ቢመጣ አይሸጠውም። ወይዘሮ ዘነበች የምትባል ፈታይ አንድ ቀን ፈትሏን ሲመልስባት ወገቧን ይዛ ቆመች።

«ሦስት ወር የፈተልሁትን! አንተ አንገትህ የሴት ነው እንዴ?»

«እትዬ ዘነበች፣ የእኔስ ደህና ነው። ባናችንን የሚገዛው የአዲስ አበባ ሆቴል ነው። እዚያ የሚያድረው ሰው አንገቱ የአራስ ልጅ አንገት ነው፤ ምን ላድርግልዎ?»

ሳቀች። ሳቋ ግን ንዴቷን አላበረደውም፤ በሚቀጥለው ዓመት የሷን ያህል የለሰለሰ ፈትል ያመጣ ሰው አልነበረም። ሁለት ሆቴሎች ደንበኛ ሆኑልን። ጎጆ የነበረው የሥራ ቤታችን ቆርቆሮ ለበሰ።

ሌላው ልማዱ «ይጻፍ» ማለት ነው። ስብሰባ ላይ አንድ ሰው «እንዲህ ቢሆን ጥሩ ነው» ካለ ደምሴ እስክሪብቶውን ያነሣል። «ይጻፍ?» ይላል። ሰውየው ካመነታ ያስቀምጠዋል። ከዚህ የተነሣ አቶ ይጻፍ የሚል ስም ወጣለት፤ በዚያ ስም የሚያውቁት ሰዎች ዛሬም አሉ። ደህና አድርጎ የሚጽፍ ሌላ ሰው ስላልነበረን ቃለ ጉባኤውን የሚጽፈው ራሱ ነበር። እኛ አውራ ጣታችንን ቀለም እየነከርን እናትማለን።

አንድ ጧት ብቻችንን ሳለን አውራ ጣቴን ስነክር አይቶኝ ቀለሙን ሳብ አደረገው።

«ጋሽ ተክሌ፣ ሰብሳቢ በጣቱ አትሞ ለሆቴል ደብዳቤ ሲልክ አያምርም። ላስተምርዎ?»

ተቆጣሁ። እኔ ባለፈው መንግሥት መሠረተ ትምህርት ሲባል፣ አስተማሪዎቹ በመጡ ቁጥር በግ ጠፋብኝ እያልሁ ገደል ለገደል የዋልሁ ሰው ነኝ። አገሩ ሁሉ ያውቃል። ፊደል ሳይኖረኝ የማልታለል በመሆኔ እኮራበት ነበር። «በዚህ ዕድሜዬ እንደ ሕፃን ሀ ሁ ልበል?» አልሁት።

«ማን ይሰማዎታል? በገበያ ቀን ጧት፣ ሰው ሳይመጣ፣ በሩን ዘግተን።»

«ለማንም አትናገርም?»

«አልናገርም።»

«ማል።»

«አልምልም። አልናገርም ካልሁ አልናገርም።»

ደብተሩን የገዛልኝ እሱ ነው። ቤቴ ይዤው ስለማልገባ ከእሱ ሻንጣ ወጥቶ አያውቅም። በየገበያው ቀን ጧት እየመጣሁ፣ እሱ ከላይ አንድ መስመር ይጽፍልኛል፣ እኔ ከሥር ገጹ እስኪሞላ እገለብጠዋለሁ። እጄ ሞፈር የለመደ ነው፤ እርሳሱን በጨበጥሁት ቁጥር ይሰበራል። ደምሴ አንድ ቀን እንኳ አልሳቀብኝም። ሲሰበር በምላጭ እየቀረጸ ይሰጠኛል። በሁለተኛው ዓመት ቀስ እያልሁ የማነብ ሆንሁ። ከንፈሬ ግን ይንቀሳቀሳል። እሱን ሊያስተወኝ አልቻለም።

ወደ ነገሬ ልግባ።

ከሆቴሎቹ አንዱ የደምሴን ሥራ አይቶ በትልቅ ደሞዝ ጠራው። ሚስቱና ልጁ ዓለም ከተማ ናቸው፤ እኛ የምንሰጠው እነሱን እዚህ ለማምጣት አይበቃም ነበር። እሄዳለሁ አለ። አልፈረድሁበትም፤ ግን እሱ ከሄደ እኛ እንደምንወድቅ አውቃለሁ። የሚሄድበት ቀን አውቶብሱ ጋ ደረስሁ። ሻንጣው ጣሪያ ላይ ተጭኗል።

«አውርደው» አልሁት ጫኙን።

«ጋሽ ተክሌ፣ ምን መሆንዎ ነው?»

«አምስት ዓመት ቆይ። አሁን ከእኛ ከምታገኘው ግማሹን ደሞዝ ውሰድ። ሌላው ግማሽ ማኅበሩን ያሳድግ። አምስቱ ዓመት ሲሞላ ከማኅበሩ አክሲዮን ከአሥር አንዱ ያንተ ይሁን። ያንተም፣ የልጅህም።»

ነገሩን ያፈለቅሁት እኔ ነኝ። እሱ አልጠየቀኝም። ይህን ከማንም በላይ የማውቀው እኔ ነኝ።

ደምሴ ሻንጣውን ቀና ብሎ አየ። አውቶብሱ ጡሩምባ ነፋ። ከዚያ «ይጻፍ?» አለኝ።

«ይጻፍ!» አልሁ።

በማግሥቱ ይፍሩና ሌላ አንድ የኮሚቴ ሰው ባሉበት ተጻፈ። እነሱ በጣታቸው አተሙ። እኔ ግን ወረቀቱን ስቤ አየሁት። ከንፈሬ እንዳይታይ አፌን በጋቢ ሸፈንሁና ከላይ እስከ ታች አነበብሁት። አንድ ቃል አልጎደለም፣ አንድ ቃል አልተጨመረም። ፈረምሁ።

አምስቱን ዓመት ሠራ። ያችኑ ሁለት ጋቢ ለብሶ ሠራ። አዲስ ግዛ ስንለው እንኳ «የባለ አክሲዮን ጋቢ ነው፣ አይናቅም» ይለን ነበር።

አምስቱ ዓመት ሞልቶ ድርሻዬ በስሜ ይመዝገብልኝ ሲል ነው ነገሩ የተገለበጠው። ያን ጊዜ የመሬት ድልድል ካለፈ ብዙም አልቆየም፤ የሰው ሆድ ገና እንደ ፈራ ነው። መንዝ ደግሞ የርስት አገር ነው። አባቴ ዕድሜውን የጨረሰው በርስት ሙግት ነው። ስንት ትውልድ ወደ ኋላ ቆጥሮ የመጣ ሰው «በአቅኚው አባታችን ድርሻ አለኝ» እያለ ደጃችን ሲቆም አይቻለሁ። አክሲዮን የሚባለውንም እኛ የተረዳነው በዚያው ዓይን ነበር። ይፍሩ ቤቴ መጥቶ እንዲህ አለኝ።

«ዛሬ ከአሥር አንድ ይላል። ነገ ልጁ ትመጣለች። ከነገ ወዲያ የልጅ ልጆቹ ከመርሐቤቴ ተነሥተው በአባታችን ድርሻ ብለው የሥራ ቤቱን፣ ቤቱ ያረፈበትን መሬት ይካፈሉሃል። ያንተ ልጆች የት ሊሄዱ ነው?»

ደምሴ በስብሰባ ሊያስረዳን ሞከረ። «አክሲዮን ርስት አይደለም፤ መሬት አይነካም። ማኅበሩ ካተረፈ ከትርፉ ይደርሰኛል፣ ካላተረፈ አይደርሰኝም፣ ይኸው ነው» አለ። አንድ ሰው ከኋላ «መሬት ካልነካ ምን ሊያደርግልህ ፈለግኸው?» ሲለው ቤቱ በሳቅ ተሞላ። ደምሴ አልሳቀም። «አምስት ዓመት ስለሠራሁበት» አለና ተቀመጠ።

እኔ ሰብሳቢ ነኝ። ተነሥቼ «ሰዎች፣ ቃሉን የሰጠሁት እኔ ነኝ» ብል ያበቃ ነበር። አባቴ ታየኝ፤ የሙግት ወረቀቱን በቁርበት ጠቅልሎ አገር ላገር ሲንከራተት። አልተነሣሁም።

ደምሴ መሐል ሜዳ ፍርድ ቤት ሄዶ ከሰሰን። ማኅበሩ ከደብረ ብርሃን ጠበቃ ቀጠረ። ጠበቃው ወረቀቱን ካየ በኋላ፣ ማንበብ የማይችል ሰው የፈረመው ሹም ፊት ካልሆነ አያስይዘውም የሚል ሕግ አለ አለን። ከዚያ ወደ እኔ ዞሮ «ሁለቱ በጣት ነው ያተሙት። እርስዎ ግን ፈርመዋል። ማንበብ ይችላሉ?» አለኝ።

እኔ አፌን ሳልከፍት ይፍሩ ሳቀ። «እሱ? መሠረተ ትምህርት ሽሽት ገደል ያደረ ሰው ነው!»

ዝም አልሁ። ውሸቴ የጀመረው እዚያ ነው። ጠበቃው «ይዋሹ» አላለኝም። ዝም ማለቴን ብቻ ጻፈው።

ፍርድ ቤቱ ሞልቶ ነበር። ዳኛው በዕድሜ ከደምሴ ያነሰ፣ ትሑት ሰው ነው። እጄን አንሥቼ እውነት ልናገር ማልሁ።

«አቶ ተክለ ማርያም፣ ይህ ፊርማ የእርስዎ ነው?»

«ነው።»

«ከላይ ያለውን አንብበው ነው የፈረሙት?»

«ማንበብ አልችልም ጌታዬ።»

«ፊርማውንስ ከየት ተማሩት?»

«እንደ ሥዕል ነው። እጄ ለመደው።»

«ምን እንደሚል ሳይነገርዎት ፈረሙ?»

«የባና ጉዳይ ነው ብሎኛል።»

ይህ የመጨረሻው ጠበቃውም ያልጠበቀው ነው። ከራሴ ያመጣሁት ነው። ደምሴን አታላይ ያደረገው ይህ ቃል ነው። እስከ ዛሬ ከሁሉ የሚከብደኝ እሱ ነው።

ዳኛው ወደ ደምሴ ዞሮ «እኚህ ሰው ማንበብ እንደሚችሉ የሚያሳይ ማስረጃ አለዎት? ምስክር፣ የእጅ ጽሑፍ፣ ማንኛውም ነገር?» አለው።

ሻንጣው ጉልበቱ ላይ ነበር። ያው ሻንጣ ነው፤ ከአውቶብስ ጣሪያ ያስወረድሁት። ደብተሬ ከዚያ ወጥቶ እንደማያውቅ አውቃለሁ። ገጽ በገጽ የእኔ እጅ ጽሑፍ ነው። ደምሴ መዳፉን ሻንጣው ላይ አደረገ። ከዚያ አየኝ። በቁጣ አይደለም ያየኝ፤ ቢሆን ይሻለኝ ነበር። የሆነ ነገር ከእኔ ይጠብቅ ነበር መሰለኝ። መሬት መሬት አየሁ።

«የለኝም» አለ።

እኔ ቃሌን በላሁ፤ እሱ ግን «አልናገርም» ያለኝን፣ ያውም ሳይምል ያለኝን፣ በአምስት ዓመት ልፋቱ ጠበቀው።

ተፈረደበት። ከግቢው ስንወጣ ግድግዳው ላይ ማስታወቂያ ተለጥፏል፤ የቀጠሮ ዝርዝር ይመስለኛል። እኔ እንዴት እንደሆነ ሳላውቀው ፊቱ ቆሜአለሁ። ከኋላዬ አንድ ሰው ጠጋ ብሎ በጆሮዬ እንዲህ አለኝ።

«ጋሽ ተክሌ፣ ከንፈርዎን አያንቀሳቅሱ። ይፍሩ እያየዎት ነው።»

ዞር ስል ደምሴ ነው። ሻንጣውን ይዞ ወደ መናኸሪያው ሄደ። ከዚያ በኋላ በዓይን አልተያየንም።

በሳምንቱ ዘነበች ገበያ ላይ አገኘችኝ። «ማንበብ አልችልም አልህ አሉ» አለችኝ። «አንድ ጧት ፈትል ላስረክብ መጥቼ፣ በተዘጋው በር ስትንተባተብ ሰምቼሃለሁ። ያን ጊዜ ላላሳፍርህ ብዬ ተመለስሁ። አሁን ማን ያሳፈረህ ይመስልሃል?» ፈትሏን ከዚያ ቀን ጀምሮ ለማኅበሩ አላመጣችም።

ማኅበሩም አልቆየም። ባናውን አንገቱ ላይ የሚያኖር ሰው ጠፋ። ሆቴሎቹ የሚኮሰኩሰውን እየመለሱ መጨረሻ ላይ ደብዳቤ ጻፉልን። ቆርቆሮው ተነቅሎ ተሸጠ። ከአሥር አንድ የነፈግነው፣ አሥሩም ከእጃችን ወጣ። ማንም ከመርሐቤቴ መጥቶ መሬታችንን አልተካፈለንም።

ለነፍስ አባቴ ተናዝዣለሁ። ስግደት ሰጡኝና «ለሰውየውስ ሄደህ ነግረኸዋል?» አሉኝ። «እሄዳለሁ አባ» አልሁ። ስግደቱን ጨርሼ ከታዘዝሁት በላይ ሰገድሁ። ዓለም ከተማ ግን አልሄድሁም። ዘንድሮ፣ ከርሞ፣ ጉልበቴ፣ ክረምቱ እያልሁ። ግትር ሰው ነኝ፤ ሰው ፊት «በደልሁ» ከማለት ሺህ ጊዜ መሬት መሳም ቀለለኝ።

ይኸው ሰውየው ሞተ፤ ደብተሩ መጣ።

የዚያኑ ዕለት ይፍሩ ዘንድ ሄድሁ። ዓይኑ ፈዝዟል፣ ምላሱ እንዳለ ነው። ደጁ ላይ ፀሐይ ይሞቃል።

«ይፍሩ፣ ደምሴ ዐርፏል። እኔ ያኔ ማንበብ እችል ነበር» አልሁት።

«አውቃለሁ» አለኝ።

«ምን ታውቃለህ?»

«ፍርድ ቤቱ ግድግዳ ላይ ከንፈርህ ሲንቀሳቀስ አይቻለሁ።»

«ታዲያ ለምን ዝም አልህ?»

«አንተስ?» አለኝ።

አጠገቡ ተቀመጥሁ። ስነሣ «ነፍስ ይማር በለው» አለኝ፤ ለማን እንደምለው አላውቅም።

ቤቴ ገብቼ ደብተሩን ገለጥሁት። የመጀመሪያዎቹ ገጾች የዶሮ ጭረት ይመስላሉ። ቀስ እያለ እጄ ይስተካከላል። እየገለጥሁ የመጨረሻው ላይ ደረስሁ። ደምሴ ከላይ አንድ መስመር ጽፎልኛል፤ ከሥሩ ገጹ ባዶ ነው። የድርሻው ክርክር ሊጀመር ሰሞን የተጻፈ መሆን አለበት። ያን የገበያ ቀን እኔ አልሄድሁም። ፊቱን ማየት ከብዶኝ።

መስመሩ እንዲህ ይላል። «እኔ ተክለ ማርያም ማንበብና መጻፍ እችላለሁ።»

ከዚህ በፊት እኔ ከሞላኋቸው ገጾች አንዱን ብቻ ገንጥሎ ለዳኛው ቢሰጠው ይበቃው እንደነበር እሱ ራሱ ያውቅ ነበር። ሻንጣው ጉልበቱ ላይ ሆኖ።

እርሳስ ፈልጌ ቀረጽሁ። ከሥሩ መገልበጥ ጀመርሁ። አንዱን መስመር ስጨርስ ሌላውን፣ እንደ ድሮው ገጹ እስኪሞላ። ሁለት ጊዜ እርሳሱ ተሰበረ። በጀርባው ደግሞ አውቶብሱ ጋ ለደምሴ ምን ቃል እንደሰጠሁት፣ ወረቀቱን አንብቤ እንደ ፈረምሁ፣ ፍርድ ቤት ምን ብዬ እንደ ዋሸሁበት ጻፍሁ። ፈረምሁበት። ጽሑፌ ይነበባል።

በማግሥቱ ደብተሩን በዚያው ላስቲክ ጠቅልዬ መናኸሪያ ወረድሁ። ያው ሾፌር ነው ያለው።

«ወደ ዓለም ከተማ የሚሄድ ሰው አግኝተህ ላክልኝ። ለአቶ ደምሴ ልጅ ነው።»

«ትናንት ያመጣሁልዎት አይደለም እንዴ? ምንድን ነው ይኼ የሚመላለሰው?»

«ማስረጃ ነው» አልሁት።

«ለፍርድ ቤት?»

«የፍርድ ቤቱ ቀን አልፏል» አልሁት። «ተቀበለኝ።»